የጌናዲ እግሮች

ገበያነሽ የበረዶ አዳራሹን የኋላ በር የከፈተችው ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ከሃያ ላይ ነበር። ውጭ የአሽቀሎን የነሐሴ ወበቅ ገና በማለዳው ያልባል፤ ውስጥ ግን እንደ ሁልጊዜው ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ሹራቧን ደረበች፣ መብራቱን አበራች፣ ቀና ስትል ጌናዲን አየችው።

የሆኪ አሠልጣኙ ጌናዲ መሃል በረዶው ላይ በጎኑ ተጋድሟል። መጀመሪያ የወደቀ መሰላት። ለዚህ ሰው መውደቅ ብርቁ አልነበረም፤ እዚህ ቤት ማጽዳት ከጀመረች አራት ዓመቷ ነው፤ ሲወድቅ፣ ሲጋጭ፣ ደሙን ተፍቶ ሲስቅ አይታዋለች።

«ጌናዲ!» ብላ ተጣራች። ድምጿ ጣሪያውን መትቶ ተመለሰ።

በላስቲክ ነጠላ ጫማዋ ወደ በረዶው ገባች። ሁለት እርምጃ ሳትሄድ ወደቀች፤ የቀረውን በጉልበቷ ዳኸች። ከቀኝ ጆሮው ኋላ ያለው አጥንት ወደ ውስጥ ገብቷል። የመታው ሰው አንድ ጊዜ መትቶ አልተወውም፤ መንጋጋው ተሰብሮ አፉ ወደ ጎን ሄዷል፤ ሰው ሠራሽ ጥርሶቹ ከከንፈሩ አጠገብ ወድቀዋል። ከሥሩ ያለው ደም ከበረዶው ጋር ረግቷል። በአገር ቤት ቢሆን ሬሳ የነካ ሰባት ቀን ከሰው ተለይቶ ይቀመጣል። እሷ ግን አንገቱን ዳበሰችው። ትንፋሽ የለም።

ከዚያ ዱላውን አየች።

በደም የተለወሰ የሆኪ ዱላ ነው፤ እጀታው ላይ አረንጓዴ ፕላስተር ተጠምጥሞበታል። ያን ፕላስተር ከሱቅ የገዛችው ራሷ ናት። የልጇ የማሩ ዱላ ነው። ማሩ ዘወትር አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ከጌናዲ ጋር ለብቻው ይለማመዳል፤ ዛሬም ከቤት ሲወጣ በሩ ሲዘጋ ሰምታለች። ከትናንት በስቲያ ደግሞ፣ እዚችው በረዶ ላይ፣ ሰው ሁሉ እያየ፣ ጌናዲን በቡጢ አፉን ብሎታል።

ገበያነሽ ዱላውን አነሳችው። ከረጋው ደም ሲላቀቅ እንደ ደረቅ እንጨት ጮኸ። በጉልበቷ ተመለሰች፤ ወደ ዕቃዋ ጓዳ ሮጠች፤ ከመጥረጊያዎቹ ጀርባ ስትሸጉጠው የመወልወያው እርጥብ ጨርቅ ፊቷን ዳሰሳትና በድንጋጤ ልትጮህ ምንም አልቀራት። እጇን ታጠበች። ስልክ ያነሳችው ከዚያ በኋላ ነው።

ፖሊስ ሩብ ሰዓት አልፈጀበትም። መርማሪዋ አዲና ትባላለች፤ ማዕረጓ ፓካድ ነው፤ ሠላሳ አምስት ዓመት ቢሆናት ነው፤ ወላጆቿ ከጎንደር የመጡ፣ እሷ ግን እዚሁ አሽቀሎን ያደገች አጭር ቀጭን ሴት ናት። ሌሎቹ ፖሊሶች ሲሯሯጡ እሷ ከበረዶው ዳር ቆማ ላዩን ከጫፍ እስከ ጫፍ ተመለከተች። ከዚያ ቸሬን አስጠራችው። ቸሬ የበረዶ ማለስለሻውን መኪና የሚነዳና የበረዶ ጫማዎቹን ስለት የሚስል የስድሳ ዓመት ሰው ነው፤ ወሬውን ሰምቶ እየሮጠ ነበር የመጣው።

«ጋሼ ቸሬ፣ ይህን በረዶ መቼ ነው ያለሰለሱት?»

«ትናንት ማታ፣ ሁሉም ከወጡ በኋላ። እንደ መስታወት አድርጌው ነው የሄድኩ።»

«አሁንስ እንዴት ነው?»

ቸሬ ጎንበስ ብሎ አየ። «አሁንም መስታወት ነው። ያው እዚህ ጋ ገበያነሽ ዳክራበታለች፤ እዚያ ደግሞ የሆነ ነገር የተጎተተ ይመስላል።»

«ጌናዲ ጫማውን አጥልቆ በእግሩ እስከዚያ ሄዶ ቢሆን ኖሮስ?»

«ስለቱ ይጽፍ ነበራ! አንድ ዙር ቢሄድ እንኳ መስመሩ ይታያል።»

«መስመር ይታይዎታል?»

ቸሬ ባርኔጣውን አወለቀ። «የለም፣ ልጄ። አንድም የለም።»

ሐኪሙ የጌናዲን ጫማዎች ፈትቶ ሲያወልቅ ገበያነሽ ፊቷን አዞረች። አዲና ግን አልዞረችም። ከጫማዎቹ ውስጥ ሰማያዊ መስመር ያለባቸው አዲስ ነጭ ካልሲዎች ወጡ። በአንደኛው ቁርጭምጭሚት ላይ ትንሽ የደም ምልክት አለ። አዲና ሁለቱንም በወረቀት ከረጢት አስገባቻቸውና ወደ ገበያነሽ መጣች።

«እትዬ ገበያነሽ፣ ሬሳው አጠገብ ደሙ ውስጥ ረጅም ቀጭን ክፍት ቦታ አለ። አንድ ዱላ ተጋድሞ ነበር። የት ሄደ?»

«የቱ ዱላ?»

አዲና ጉልበቷ ላይ የራሰውን ቀሚሷን አየች፣ እጇን አየች። «እሺ። ትዝ ሲልዎት ይነግሩኛል።»

በዚህ መሃል የአንዱ ፖሊስ ሬዲዮ ተንጫጫ። ማሩን ማሪና ላይ፣ ጀልባዎቹ ከሚታሰሩበት ድንጋይ ላይ ተቀምጦ አግኝተውታል። ሸሚዙ በደም ርሷል። ሊይዙት ሲሞክሩ አንዱን ፖሊስ ገፍትሮ ባሕር ውስጥ ጥሎታል፤ ሦስት ሆነው ነው መሬት ላይ የደፈቁት።

ገበያነሽ እዚያው በተቀመጠችበት አግዳሚ ላይ ራሷን በሁለት እጇ መታች። «ልጄን! ኧረ ልጄን!»

* * *

ኒሪ የአዳራሹ ሥራ አስኪያጅ የያሪቭ ልጅ ነው። ዕድሜው አሥራ ዘጠኝ፣ እንደ ማሩ ተጫዋች። አዲና ስታናግረው ጥፍሩን እየበላ ነበር። ገበያነሽ ከአግዳሚው አልተነሳችም፤ የሚያባርራትም አልነበረም፤ ሁሉንም ሰማች።

«ማሩ ለምን መታው?» አለች አዲና።

«ጌናዲ ጆሮው ሥር የሆነ ነገር ነገረው። ምን እንደሆነ አላውቅም። ማሩ ጓንቱን ወርውሮ አፉን አለው። ደሙ ፊቴ ላይ ረጨኝ።»

«ጌናዲስ?»

«ሳቀ። እሱ እንደዚህ ነው። አሥራ አራት ዓመት ነው በአምስት ከተማ የተጫወተው፤ በየከተማው ጥርስ ጥሏል። ሥራው ግብ ማግባት አልነበረም። ጓደኞቹን የሚመታ ሲመጣ እሱ ወጥቶ መደባደብ ነው። እንጀራው እሱ ነበር። ሪጋ ላይ ግን አንዱን መትቶ ጣለው፤ ሰውየው ዳግመኛ በእግሩ አልቆመም። ጌናዲ በዚያው ዓመት መጫወት ተወና ወደዚህ አገር መጣ።»

«ሰሞኑን ምን አዲስ ነገር ነበር?»

«ቼክ አገር ያለ ክለብ አንድ ሰው ላክልኝ ብሎታል። የዚያ ክለብ አሠልጣኝ የድሮ ጓደኛው ነው። ወይ ማሩ ወይ እኔ። አባቴ አንተ ነህ የምትሄደው ይለኛል።»

«አንተስ ምን ትላለህ?»

ኒሪ ወደ ላይ፣ ወደ መስታወቱ ቢሮ አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ሊመቱኝ ሲመጡ ዓይኔን እጨፍናለሁ። ጌናዲ ያውቃል።»

ያሪቭ ከቢሮው ወረደ፤ ትከሻው ሰፊ፣ ሸሚዙ የተተኮሰ፣ ሽቶው ከሩቅ የሚጣራ ሰው ነው።

«አንድ ሰዓት ላይ ስመጣ ፖሊስ ደጄ ላይ ቆሞ አገኘሁ» አለ። «ምን ትጠይቂኛለሽ? ገዳዩን ይዛችኋል! ያ ልጅ ዱርዬ ነው ብዬ ስንት ጊዜ ተናገርኩ። ጌናዲም ዱርዬ ነበር። እኔ እዚህ ቤት ሥርዓት አስገብቻለሁ። ሰው ከባሕር ባዶ እግሩን እየመጣ ጫማ ስጡኝ ይላል፤ ያለ ካልሲ ጫማ አይሰጥም! በሦስት ቋንቋ ለጥፌአለሁ። ለሌለው ካልሲ እኔ ጋ አለ። እነዚህ የሆኪ ሰዎች ግን ሥርዓት የሚባል አያውቁም።»

«የቢሮህ ቁልፍ ስንት ነው?»

«አንድ። እኔ ኪስ ውስጥ።»

«ተጫዋቾቹ ልብስ የሚቀይሩበት ክፍል ትወርዳለህ?»

«አይተሽዋል? አሽትተሽዋል?» ያሪቭ አፍንጫውን ያዘ። «ስድስት ዓመቴ ነው፤ አንድ ቀን ወርጄ አላውቅም። ያቻት፣ ገበያነሽን ጠይቂ። ሽታው የሷ ሥራ ነው።» ከዚያ ወደ ገበያነሽ ዞሮ፣ «ጎበዝ ልጅ አሳድገሻል!» አላት።

ገበያነሽ ተነሳች። ከዚህ ሰው ፊት ቀና ብላ አታውቅም ነበር። አሁን ግን ጫማው ላይ ተፋችበት። ያሪቭ እጁን አነሳ፤ አዲና መሃል ገባች።

* * *

ከሰዓት በኋላ ገበያነሽ ዱላውን በአንሶላ ጠቅልላ ፖሊስ ጣቢያ ሄደች። ያለ ቀጠሮ አይገባም ሲሏት ወለሉ ላይ ቁጭ አለች። አዲና ወጥታ ራሷ አስገባቻት።

«ይኸው» አለች ገበያነሽ፣ ጥቅሉን ጠረጴዛው ላይ ጥላ። «እኔ ነኝ የደበቅሁት። ልጄን ፍቱና እኔን እሰሩኝ።»

«ልጅዎ የሚለው ሌላ ነው። አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ደረስኩ፣ ወድቆ አገኘሁት፣ አቅፌ ነቀነቅሁት፣ ሲሞት አይቼ ሮጥኩ ይላል። ለምን ሮጥክ ስለው፣ ከትናንት በስቲያ የመታሁት እኔ ነኝ፣ ማን ያምነኛል አለኝ። ለምን መታኸው ስለው ግን አፉን ዘጋ።»

ገበያነሽ የነጠላዋን ጫፍ ጨበጠች። ይህንን ለማንም አልተናገረችም ነበር።

«በእኔ ምክንያት ነው። እሁድ ዕለት ጌናዲ ጋ ሄጄ እግሩ ላይ ወደቅሁ። ልጄን አትላከው አልኩት። አንተ ጥርስህን ጨርሰህ፣ ሰው ሰብረህ ነው የመጣኸው፤ የእኔን ልጅ የት ልትሰድ ነው አልኩት። እሱም ለማሩ፣ ከእናትህ ጋር ሳትስማማ አልክህም አለው መሰለኝ። ልጄ የመታው እኔን ነበር። እጁ ያረፈው ጌናዲ ላይ ነው እንጂ።»

አዲና ውሃ ቀዳችላት። «ዱላውን የት ነበር የደበቁት?»

«ጓዳዬ፣ ከመጥረጊያዎቹ ኋላ። ያ እርጥብ መወልወያ ፊቴን…» ብርጭቆውን አስቀመጠች። «መወልወያዬ እኮ እርጥብ ነበር።»

«ማታ ወልውለው አልነበረም?»

«ሁልጊዜ ጨምቄ ጓሮ ፀሐይ ላይ ነው የምሰቅለው። በዚህ ሙቀት እስኪነጋ እንደ እንጨት ይደርቃል። ጓዳ ውስጥ ያስገባሁት እኔ አይደለሁም። አንድ ሰው እኔ ሳልመጣ ወልውሏል።»

አዲና ጻፈች። «የቡድኑን ልብስ ማን ነው የሚያጥበው?»

«እኔ ነኝ። ማሊያውን፣ ፎጣውን፣ ካልሲውን።»

«የጌናዲንም ካልሲ?»

«ጌናዲማ ካልሲ የለውም! በአራት ዓመት አንድም አጥቤለት አላውቅ። የበረዶ ጫማውን በባዶ እግሩ ነው የሚያጠልቀው፤ ቤቱም በሰንደል ይሄዳል። እግሩ እንደ ቆዳ ሆኗል። ልጆቹም እየሰደቡት…»

ጠዋት በዓይኗ ጫፍ ብቻ ያየችው ነገር አሁን ከፊቷ መጣ፤ ከጌናዲ ጫማ የወጣው ነጭ ካልሲ።

አዲና ብዕሯን ዘጋች። «ነገ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ አዳራሹ ይምጡ። ለማንም እንዳይነግሩ።»

* * *

በማግስቱ ሁሉም ከበረዶው ዳር፣ ተጫዋቾች የሚቀመጡበት አግዳሚ ጋ ተሰበሰቡ። ያሪቭ እጁን አጣምሮ ቆሟል፤ ኒሪ አግዳሚው ጫፍ ላይ ተቀምጧል፤ ቸሬ ባርኔጣውን ያዞራል። ማሩን በካቴና አመጡት። ግራ ዓይኑ አብጦ ተዘግቷል። ገበያነሽ ልትነካው ስትጠጋ ወደ ኋላ አለ።

«የምናገረው አጭር ነው» አለች አዲና። «ጌናዲ በረዶው ላይ አልሞተም። የበረዶ ጫማ አጥልቆ ነው የተገኘው፤ ስለቱ የጻፈው አንድ መስመር ግን የለም። የተገደለው ሌላ ቦታ ነው፤ ከዚያ ጫማ አጥልቀውለት ጎተቱት። የት ተገደለ? እዚህ፣ የቆማችሁበት። ይህ የጎማ ምንጣፍ ተወልውሏል፤ በእትዬ ገበያነሽ መወልወያ። ትናንት ማታ ምንጣፉን አንስተን አየን፤ ከሥሩ ደም ሞልቷል።»

ኒሪ እግሩን ከምንጣፉ ላይ አነሳ።

«የማሩ ዱላ እዚህ መደርደሪያው ላይ ነበር፤ ማንም ያነሳዋል። ታዲያ ለምን ጫማ አጠለቁለት? ሲለማመዱ የሞተ እንዲመስል ነው። አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ከጌናዲ ጋር የሚለማመደው ደግሞ ማሩ ብቻ ነው። ኒሪ፣ ጌናዲ የበረዶ ጫማውን እንዴት ነበር የሚያጠልቀው?»

«በባዶ እግሩ። ‹በረዶውን በእግርህ ካልሰማኸው ቤትህ ተቀመጥ› ይለን ነበር።»

«ጋሼ ቸሬ?»

«በባዶ እግሩ ነዋ! የሱን ጫማ ስስል አፍንጫዬን በጨርቅ አስሬ ነበር» አለ ቸሬ፤ ሊስቅ ፈልጎ አልሆነለትም።

«ማሩ?»

«ባዶ እግሩን» አለ ማሩ፣ መሬት መሬት እያየ።

«ሟቹ ግን ካልሲ አድርጎ ነው የተገኘው። ሰማያዊ መስመር ያለበት ነጭ አዲስ ካልሲ። ከመግቢያው ባንኮኒ ሥር፣ ካልሲ ለሌላቸው እንግዶች ከተቀመጠው ሳጥን የወጣ። ወደ ልብስ መቀየሪያው አንድ ቀን እንኳ የወረደ ሰው ጌናዲ ጫማ ሲያጠልቅ አይቶታልና ይህን አያደርግም። ይህን የሚያደርገው ስድስት ዓመት ሙሉ ‹ያለ ካልሲ ጫማ አይሰጥም› ሲል የኖረ ሰው ነው። ባዶ እግር ሲያይ እጁ ራሱ ካልሲ ይፈልጋል።»

ሁሉም ወደ ያሪቭ ዞሩ።

«ካልሲ!» አለ ያሪቭ እየሳቀ። «በካልሲ ልትሰቅይኝ ነው? እኔ አንድ ሰዓት ላይ ነው የመጣሁት!»

አዲና አንድ ወረቀት ዘረጋች። «ትናንት ቼክ አገር ደወልኩ። ጌናዲ የላከላቸውን ፋክስ መልሰው ላኩልኝ። የወጣው ካንተ ቢሮ ነው። ሰዓቱም ከንጋቱ አሥራ አንድ ከሠላሳ ስምንት። ቁልፉ አንድ ነው፣ ኪስህ ውስጥ ነው ብለኸኛል። አንተ ነህ የከፈትክለት፤ የኒሪን ስም ይልካል ብለህ። እሱ ግን የጻፈው እንዲህ ነው፦ ‹ማሩን እልካለሁ። ኒሪ ደግ ልጅ ነው፤ እናንተ ጋ ይሰብሩታል፤ አልክም። የማሩ እናት ፈርታለች፤ ነገ እኔ ራሴ አናግራታለሁ።›»

ገበያነሽ አፏን በነጠላዋ ያዘች።

«ወረቀቱን አነበብክ። የበረዶ ጫማውን ይዞ ሲወርድ ተከተልከው። ከኋላው መታኸው፤ ሲወድቅም አልተውከውም። ካልሲውን ያጠለቅክለት በደም በተለወሰ እጅህ ነው። ቁርጭምጭሚቱ ላይ የአውራ ጣትህ አሻራ ቀርቷል፤ ጫማው ሸፍኖልህ ነበር። ባለሙያዎቹ ትናንት የፈረምክበትን ወረቀት ከአሻራው ጋር አስተያዩት። መልሱ ዛሬ ማለዳ መጣ፤ ያንተ ነው።»

«አባ?» አለ ኒሪ። «አባ፣ እሷ የምትለው…»

«ላንተ ነው!» ያሪቭ ጮኸ። ፊቱ ደም መስሏል። «ያ ጥርሰ ቢስ ሰካራም ልጄን ፈሪ ሊለው! በገዛ ቤቴ! በገዛ ማሽኔ!» ከመደርደሪያው ዱላ ነጥቆ ወደ አዲና ሰነዘረ። አዲና ዝቅ አለች፤ ዱላው ከኋላዋ ያለውን መስታወት አደቀቀው። ለሁለተኛ ጊዜ ሲያነሳ ከፊቱ የነበረችው ገበያነሽ ናት። ማሩ ካቴናው እንደታሰረ በጭንቅላቱ ደረቱን ገጨው፤ ያሪቭ ተንገዳገደ እንጂ አልወደቀም፤ ዱላውን የማሩ ጀርባ ላይ አሳረፈበት።

ከዚያ ኒሪ ተነሳ። በትከሻው አባቱን ከጎድኑ ሥር መታው፤ ሁለቱም የተሰበረው መስታወት ላይ ወደቁ። ያሪቭ እየተወራጨ በክርኑ የልጁን አፍንጫ ሰበረ። ኒሪ ግን አልለቀቀውም። ዓይኑንም አልጨፈነም። ፖሊሶቹ ደርሰው ካቴናውን እስኪያስገቡ ድረስ ደሙ አባቱ ሸሚዝ ላይ እየተንጠባጠበ፣ «ዳይ፣ አባ! ዳይ! በቃ!» ይል ነበር።

* * *

ማሩን በዚያው ቀን ፈቱት። እናትና ልጅ ከፖሊስ ጣቢያው ወጥተው አውቶቡስ መጠበቂያው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ በመካከላቸው አንድ ሰው የሚያስቀምጥ ቦታ ትተው። ፀሐዩ አስፋልቱን ያቀልጣል።

«ጌናዲን እንዳይልከኝ ለምንድነው የጠየቅሽው?» አለ ማሩ።

«አፉን አይቼ። ያን ባዶ አፉን።»

«እና ምን አለሽ?»

«ጥርስ እንደሚተርፈው ቃል አልገባልሽም አለኝ።»

ማሩ ሳቀ። ሳቁ መሃል ላይ ተሰበረና ፊቱን በእጆቹ ሸፈነ። ገበያነሽ እጇን ዘረጋች፤ ጀርባው ላይ ያበጠውን አስታውሳ ትከሻው ላይ አሳረፈችው። በዚህ ጊዜ አልሸሻትም።

«ከአሥራ ሁለት ቀን በኋላ መሄድ አለብኝ፣ ኢማ።»

«አውቃለሁ።»

«ልትከለክዪኝ ነው?»

ገበያነሽ ወደ መንገዱ አየች። ሌሊቱን ሙሉ አንድ ነገር ብቻ ነበር የለመነችው፤ ልጇ በሕይወት ከዚያ በር እንዲወጣ። አሁን ወጥቶ አጠገቧ ተቀምጧል፤ አንድ ዓይኑ ተደፍኖ፣ ከንፈሩ ተሰንጥቆ፤ እንደገና ወደሚመቱት ሰዎች ልሂድ እያለ።

«ጌናዲ እኔን ሊያናግረኝ ነበር» አለች። «ጽፎታል፤ ሰምተሃል። አሁን ማን ያናግረኝ? እሱ ሊለኝ የነበረውን አንተ በለኝ። ያንተን ጨዋታ አንድም ቀን ቀና ብዬ አይቼው አላውቅም። ከመጀመሪያው ጀምረህ ንገረኝ። ካሳመንከኝ ሻንጣህን እኔ ነኝ የማስርልህ።»

«ካላሳመንኩሽስ?»

«እስክታሳምነኝ ትነግረኛለሃ።»

ማሩ አፍንጫውን በእጅጌው ጠረገ። አውቶቡሱ መጥቶ በሩን ከፈተ፤ ሹፌሩ ጠበቃቸው፤ አልተነሱም። ማሩ ወደ እናቱ ጠጋ ብሎ ተቀመጠና መናገር ጀመረ።